ይድረስ ለ«ምዝገባ ላይ ነን» ኮሌጅ

ጉዳዩ፦ ምስጋናን ይመለከታል

ለኮሌጁ ባለቤት፣ ፕሬዝዳንትና ሥራ አስኪያጅ (ሦስቱም አንድ ሰው መሆናቸው ወጪ ይቀንሳል)

የእህቴን ልጅ አራት ዓመት ነርሲንግ ስላስተማራችሁልን እናመሰግናለን። ጋውን ለብሳ የተነሣችው ፎቶ ሳሎን ተሰቅሏል። ዲግሪው ነው የቀረው።

ሰሌዳችሁ ግሩም ነው። «ሙሉ እውቅና ያለው» የሚለው ከታክሲ ተራው ድረስ ይነበባል። እውቅና የሚሰጠው በየትምህርት መስኩ፣ በየካምፓሱ፣ መደበኛም ሆነ ማታ ወይም ርቀት በየመርሐ ግብሩ መሆኑን የሰማነው ግን ዘግይተን ነው። ለካ የእናንተው የተገኘው ሌላ ከተማ ላለው ቅርንጫፍ፣ ያውም ለአካውንቲንግ ኖሯል! ነርሶቻችሁ መርፌ ሲወጉ ቢያንስ ሒሳብ አይስቱም ብዬ እጽናናለሁ። ከሰሌዳው ጥግ የውጭ አገር ባንዲራም አለ፤ ከአንድ ዩኒቨርሲቲ ጋር «በመተባበር» ይላል። የስምምነቱን ወረቀት ስንጠይቅ «ሬጅስትራር ጋ ነው» ተባልን፤ ሬጅስትራሩ «ዲኑ ጋ» አሉ፤ ዲኑ ስብሰባ ላይ ናቸው።

ቅበላችሁም ቸር ነው። የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍልን ፈተና ከወሰዱት 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ገደማ ብቻ ሆነው አገር ሲደነግጥ እናንተ አልደነገጣችሁም። የእናንተ መቁረጫ ነጥብ የመጀመሪያው ወር ክፍያ ነበራ።

በ2015 ዓ.ም. የመውጫ ፈተና የሚባል ነገር ባይመጣ ኖሮ እስካሁን በፍቅር በኖርን። ልጅቷ ልትፈተን ስትል ስሟ ከዝርዝሩ የለም። እናም ከሰስን።

ለክሱ የሰጣችሁትን መልስ ደጋግሜ አንብቤዋለሁ። ጠበቃችሁ «ከሳሽ ከመመዝገቧ በፊት የኮሌጁን ሕጋዊነት ማጣራት ነበረባት» ብለዋል። «እኔን ያመነ ጥፋቱ የራሱ ነው» ብሎ በማኅተም አስደግፎ ለችሎት ያቀረበ ተቋም ከዚህ በፊት አላየሁም። አራት ዓመት ሙሉ ከእናንተ የሰማነው እውነተኛ ነገር ይኸው ብቻ ነው፤ እሱም የዳኝነት ከከፈልን በኋላ።

የፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንቀጽ 1716 የተዋዋዮቹ ግዴታ ሕገ ወጥ የሆነበት ውል ፈራሽ ነው ይላል። ውል ሲፈርስ ደግሞ ተዋዋዮቹ በተቻለ መጠን ወደነበሩበት ይመለሳሉ፤ ይህ አንቀጽ 1815 ነው። ለእናንተ ምን ቸገራችሁ! የነበራችሁበት ምዝገባ ላይ ነው። ልጅቷን ግን ወደ አሥራ ስምንት ዓመቷ የሚመልስ የአፈጻጸም ችሎት የት እንዳለ ጠበቃችሁ ቢጠቁሙን ውለታቸውን አንረሳም።

እስከዚያው የከፈለችውን መልሱላት፤ የጋውን ኪራዩንም ጭምር። እናንተ ስትቀበሉ ደረሰኝ ባትቆርጡም እኛ እንቆርጥላችኋለን።

ከሰላምታ ጋር
አንድ አጎት

ግልባጭ፦
ለዲኑ (ከስብሰባ ሲወጡ)