ምራቅ እንደ ሰዓት፦ በባሕር ዳር ቤቶች ልጅን ሱቅ ስለመላክ የተደረገ መጠነኛ ጥናት

እ.ኤ.አ. በ1967 የዓለም የመለኪያና የሚዛን ጉባኤ ተሰብስቦ ስለ ሰከንድ ወሰነ፤ የሲዝየም 133 አቶም ጨረር 9,192,631,770 ጊዜ የሚርገበገብበት ቆይታ ነው አለ። ጉባኤው ባሕር ዳር ቢቀመጥ ኖሮ ይህን ያህል ባልደከመ። እዚህ እናት ልጇን ሱቅ ስትልክ ደጃፉ ላይ እንትፍ ትልና «ይቺ ምራቅ ሳትደርቅ ድርስ ብለህ ና!» ትላለች። መሣሪያው ባትሪ አይፈልግም፣ አይሰረቅም፣ ጠጋኝ ቤት አይሄድም። ይህ ጥናት የሚመረምረው አስተማማኝነቱን ነው።

አስቀድሞ የአየሩን ነገር ማንሳት ግድ ይላል። ከተማዋ ከባሕር ጠለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ላይ ተቀምጣለች። በሚያዝያ ቀትር ምራቁ ልጁ ከግቢ ሳይወጣ ይደርቃል፤ ስለዚህ ልጁ ገና ጉዞ ሳይጀምር ጥፋተኛ ነው። በሐምሌ ግን ዝናቡ ስለማያባራ ምራቁ እንደ እርጥብ ይቆጠራል፤ ልጁም በመርህ ደረጃ እስከ መስከረም ጎረቤት ማደር ይችላል። ይህን ክርክር ለእናቱ ያቀረበ ልጅ ያገኘው ምላሽ ከዚህ ጥናት ወሰን ውጪ ነው። ጣና ራሱ በትነት በየዓመቱ አንድ ሜትር ተኩል ያህል ውኃ ያጣል፤ እሱን ማንም አይቆጣውም።

የመሬቱም ዓይነት ለውጥ ያመጣል። አፈር ምራቁን ይጠጣዋል፤ መጠጣት ከመድረቅ ይቆጠር አይቆጠር ገና አከራካሪ ነው። ሰፈሩ ኮብልስቶን ከለበሰ ወዲህ ደግሞ ድንጋዩ ፀሐይ ሲመታው ስለሚግል የልጆች የጊዜ በጀት በእጅጉ ተቀንሷል።

ተላኪው እንዴት ይመረጣል? አባት ሳሎን ተቀምጠው ወደ ማንም ሳያዩ «ስኳር የለም እንዴ?» ይላሉ። እናት ታላቅየውን ትጠራለች። ታላቅየው «እያጠናሁ ነው» ብሎ ለመካከለኛዋ ያስተላልፋል፣ እሷም ለታናሽየው። ትእዛዙ በየእርከኑ ቁጣ እየጨመረ ይወርዳል፤ አባት ጋ ጥያቄ የነበረው ታናሽየው ጋ ሲደርስ ኩርኩም ሊሆን ይችላል። ታናሽየው የሚልከው ሰው ስለሌለው ይሄዳል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ውክልና በስምምነት የሚመሠረት መሆኑን፣ ተወካዩም ካልተፈቀደለት በቀር ሥራውን ለሌላ እንዳያስተላልፍ ይደነግጋል። ድንጋጌው ሲረቀቅ ታናሽ ወንድም ያለው ሰው ታስቦ እንዳልነበረ ግልጽ ነው።

ከበር የወጣ ልጅ የሰፈሩ ሁሉ ነው። አንዷ ጎረቤት «ና እስቲ የኔ ጌታ፣ እግረ መንገድህን ክብሪት» ትለዋለች። ሌላዋ «ለእናትህ ቡና ደርሷል በላት» ብላ ወደ ኋላ ትመልሰዋለች። ቤታቸው ሐይቁ አጠገብ ከሆነ ነገሩ ይብሳል፤ የደንገል ታንኳ ዳር ሲደርስ ቆሞ ማየት የግድ ነው፣ የወረደው አምባዛ ነው ቆሮሶ የሚለው ክርክርም ያለ እሱ አይዘጋም። ሱቅ ሲደርስ መልስ የሚሆን ሳንቲም ይጠፋል፣ ባለ ሱቁ ማስቲካ ይሰጣል፤ የሒሳቡ ጉድለት ቤት ሲገባ በአፉ ውስጥ ይገኛል። በዚህ ሁሉ መሀል ስኳሩን ረስቶ ጨው ይዞ መመለሱ ሊያስደንቅ አይገባም። መዘግየቱን ያስከተሉት ብዙዎች ናቸው፤ ዕዳው የሚጻፈው ግን በአንድ ሰው ስም ነው።

ዋናው ግኝት እንደሚከተለው ነው፦ ሰዓቱን የሚያነብ የለም። ልጁ ሲመለስ ጎንበስ ብላ ምራቁን የመረመረች እናት አልታየችም። «የት ቆየህ?» የሚለው ጥያቄ የሚነሳው በሩ ገና ሲንኳኳ ነው፤ ሮጦ ሄዶ ሮጦ የመጣም ይጠየቃል። መለኪያውን ከልብ የሚያምኑበት ልጆች ብቻ ናቸው። አንዳንዱ ታናሽ እህቱን ጥላ እንድትሆንለት ምራቁ ላይ አቁሟት ይሄዳል። ሌላው ሲመለስ ግራ ቀኙን አይቶ የደረቀውን በራሱ ምራቅ ያድሰዋል፤ ይህ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ቢሆን መረጃ መፈብረክ ተብሎ ዲግሪ ያስነጥቃል። በእኔ ግምት እናት ይህን ሁሉ ታውቃለች። አንድ ጊዜ እንትፍ ካለች በኋላ መከታተል አያስፈልጋትም፤ ልጁ መንገድ ሙሉ ራሱን ይቆጣጠራል። ብዙ መሥሪያ ቤት የጣት አሻራ ማሽን ገዝቶ ያላገኘውን ውጤት እሷ በነጻ አግኝታዋለች።

አንድ ነገር ግን ሳይመረመር መታለፍ የለበትም። እናት ራሷ «አንዴ ብቅ ብዬ ልምጣ» ብላ ጎረቤት ለቡና ስትሄድ ደጃፉ ላይ እንትፍ የሚል የለም። አቦሉ ተጠጥቶ ቶናው ይከተላል፤ በረካ ሳይጠጡ መነሳት ደግሞ ነውር ነው፤ በመሀል የተጀመረ ወሬም አለ። ለዚህ ቆይታ የሚበቃ ምራቅ ከሰው አፍ አይወጣም። ሲመሽ አባት «እናትህን ጥራት» ይላሉ፤ ታላቅየው ያስተላልፋል፣ መካከለኛዋ ታስተላልፋለች፣ ታናሽየው ይሄዳል። እዚያ ሲደርስ ፈንዲሻ በእፍኙ ይሞሉለትና «መጣሁ በላቸው» ተብሎ ይመለሳል።