ለሽልማት ኮሚቴዎች በሙሉ፣ ባላችሁበት

ጉዳዩ፦ የሸለማችሁበት ምክንያት በጽሑፍ እንዲገለጽልኝ ስለመጠየቅ

ክቡራን የኮሚቴ አባላት፣

ከሁሉ አስቀድሜ እንኳን ደስ አላችሁ። ለምን እንደሆነ አላውቅም፤ ግን ካባ ሳታለብሱ ያሳለፋችሁት ወር ስለሌለ አንድ ነገር አሳክታችሁ መሆን አለበት።

የአቃቂ ቃሊቲ ነዋሪ ነኝ። ሰሞኑን ለአንዲት ማስረጃ ስሙን ወደማልጠራው ቢሮ ጎራ ብዬ ነበር። ተሰልፈን «ሲስተም የለም» ስንባል ቀና ብል ከመስኮቱ በላይ ወርቅ ቅብ ዋንጫ ቆሟል፤ «በቀልጣፋ አገልግሎት 1ኛ» የሚል ወረቀት ተለጥፎበታል። የወረቀቱ ጠርዝ ተላጦ የድሮው ጽሑፍ ብቅ ብሏል፦ «ኮከብ ግብ ጠባቂ»። እውነቱን ለመናገር የቀድሞው ይበልጥ ይገባቸዋል፤ አንድም ባለጉዳይ አያሳልፉም።

ቤት ስገባ ሕግ ገለጥኩ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 71 ኒሻንና ሽልማት የመስጠትን ሥልጣን ለፕሬዚዳንቱ ሲሰጥ፣ በሕግ መሠረት እንዲሆን አስሮ ነው። ርዕሰ ብሔሩ እንኳ ደስ እንዳለው አይሸልምም! የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ደግሞ አስተዳደራዊ ውሳኔ በጽሑፍ፣ ከነምክንያቱ እንዲሰጥ ያዛል፤ ቅር የተሰኘም እስከ ፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል። ለመሆኑ ዋንጫ ውሳኔ አይደለም?

ህንዶች ይህን ነገር ፍርድ ቤት አድርሰውታል። ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው እ.አ.አ በ1995 የአገሪቱን ከፍተኛ የሲቪል ሽልማት «ብሃራት ራትና»ንና መሰሎቹን ባይሽርም፣ ተሸላሚ ከስሙ ፊትም ሆነ ኋላ እንዳይለጥፋቸው ከለከለ፤ የአመራረጡ መስፈርት መላላቱንም ተቸ። (የክብር ዶክትሬት ባገኘ ማግስት «ዶክተር በለኝ» የሚል ወዳጅ ያላችሁ፣ ይህን አንቀጽ አታሳዩት፤ ይታመማል።)

እናንተ ግን ከክስ የምትድኑበትን መላ ድሮ አግኝታችኋል፦ ሁሉንም መሸለም። 1ኛ የወጡት ብዙ፣ 2ኛ የወጡት ከዚያ የበዙ፣ የተረፈው «በአጋርነት»፣ አዳራሹን ያከራየው «በላቀ ትብብር»። ያልተሸለመ ከሌለ ከሳሽ ከየት ይመጣል? የቀረችው ሌሊት መጥታ ወንበር የደረደረችው የጽዳት ሠራተኛ ብቻ ናት፤ እሷም ሰርተፍኬቶቹን በትሪ ይዛ መድረክ ስለወጣች እንደተሸለመች ይቆጠርላት።

ደግሞ እኛ ሰፈር ሽልማት ብርቅ አይደለም። ጋዜጠኞቹ ርዕዮት ዓለሙ በ2005 ዓ.ም. የዩኔስኮን የጉሌርሞ ካኖ ሽልማት፣ እስክንድር ነጋ በ2006 ዓ.ም. የነጻነት ወርቃማ ብዕርን ሲያገኙ አድራሻቸው ቃሊቲ እስር ቤት ነበር። ሸላሚዎቹ ምክንያታቸውን ለዓለም ተናገሩ፤ መድረክ ላይ የጠፋው ተሸላሚው ነበር። እናንተ ዘንድ ተሸላሚው መድረኩን ሞልቶት ይፈሳል፤ ያልመጣው ምክንያቱ ነው።

ስለዚህ ማን፣ በየትኛው መስፈርት፣ ከማን ጋር ተወዳድሮ እንዳሸነፈ በአንድ ገጽ ጽፋችሁ ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ለጥፉልኝ። አለዚያ ልደታ ፍርድ ቤት እንገናኝ። ጉዳዩን እኔን በመሸለም ለመዝጋት እንዳትሞክሩ አደራ እላለሁ። ከሞከራችሁም ካባው ሰፋ ያለ ይሁን።

ከሰላምታ ጋር

ግልባጭ፦
ለካባ አከራዮች
ለመዝገብ ቤት (ቁልፉን የያዘው ሰው ከስብሰባ ከተመለሰ)