ጉማውን ማን ይክፈል?

በቪዲዮ ቤት አግዳሚ ላይ ያደግን የነቀምቴ ልጆች አንድ የማይናወጥ እምነት ነበረን፤ አክተር አይሞትም። ጥይት ቢዘንብበት፣ ፎቅ ቢናድበት አቧራውን አራግፎ ይነሣል። የሚያለቅስ ልጅ ካለ ከኋላ «ዝም በል፣ አክተር እኮ ነው!» ይባላል።

«ዋችመን» ይህን እምነቴን ገና በመጀመሪያው ገጽ አፈረሰው። አንዱ አክተር በመስኮት ተወርውሮ ኒውዮርክ አስፋልት ላይ ሞቷል። መጽሐፉ ደራሲው አለን ሙርና ሠዓሊው ዴቭ ጊበንስ እ.ኤ.አ. ከ1986 እስከ 1987 በ12 ክፍል ያወጡት በሥዕል የተተረከ ልቦለድ ነው። የተረፉት ጀግኖችም አያኮሩም። አንዱ ቦርጭ አውጥቶ ጡረታ ወጥቷል፣ አንዱ ጭምብሉን «ፊቴ» ይለዋል፣ ሰማያዊ ቆዳ ያለው ደግሞ ሱሪ መልበስ ትቶ፣ የሰው ነገር ሰልችቶት ማርስ ሄዷል። (ለሽማግሌ ሳወራ ሱሪ አለብሰዋለሁ።)

እዚያው ነቀምቴ፣ ቡርቃ ጃቶ ሰፈር ቡና ተጠርተን የመጽሐፉን መጨረሻ ተረክሁ። ከጀግኖቹ አንዱ፣ ኦዚማንዲያስ፣ የኑክሌር ጦርነት ለማስቀረት ብሎ በኒውዮርክ ሚሊዮኖችን ፈጀ፤ አሜሪካና ሶቭየት ደንግጠው ታረቁ። ያኔ እኛ በደርግ ከሶቭየት ጋር ነበርን፤ ሳናውቀው ተርፈናል ማለት ነው።

አንድ አዛውንት ስኒያቸውን አስቀመጡ።

«ገዳዩ አምኗል?»

«ለጓደኞቹ ብቻ፣ አባባ። እነሱም ዝም አሉ። እምቢ ያለው አንዱ ተገደለ።»

«ጉማ ተከፍሏል?»

«አልተከፈለም።»

«እንግዲያው የታረቀ የለም፣ ልጄ።»

ትክክል ናቸው። በጉማ፣ በኦሮሞ የደም ካሳና የእርቅ ሥርዓት፣ ገዳይ ሳያምን እርቅ የለም፤ ካመነ በኋላም ካሳውን ጎሳው አዋጥቶ ይከፍላል። አዛውንቱ የሟቾቹን ካሳ በከብት ሊያሰሉ ሞክረው፣ የወለጋ በሬ ሁሉ ቢነዳ እንደማይበቃ ሲገባቸው ተዉት።

መጽሐፉን ያላስረጀው ይኸው ያልተዘጋ ጥያቄ ነው። ሌላው ሱፐር ሂሮ ክሱን በቡጢ ይዘጋል፤ ሙር ግን እምቢ ብሎ የተገደለውን ጀግና ማስታወሻ አንድ ጋዜጣ ቢሮ ጥሎልን ፋይሉን ክፍት ይተዋል። ታይም መጽሔት እ.ኤ.አ. በ2005 ከ1923 ወዲህ ከታተሙ 100 ምርጥ የእንግሊዝኛ ልቦለዶች ተርታ አሰልፎታል። እ.ኤ.አ. በ2009 ሆሊዉድ ፊልም ሲያደርገው ሙር ስሜ አይጻፍ አለ። በብሥራት ደበበ ተፈጥሮ እ.ኤ.አ. በ2018 የወጣው የኛው ሱፐር ሂሮ «ጀምበር» ግን ጨዋ ልጅ ነው፤ እስካነበብኩት ድረስ ሽማግሌ የሚያስጠራ ጥፋት የለበትም። እኔ ደግሞ ክርክር እወዳለሁ።

የኔን መጽሐፍ የተዋሰ ሰው አልመለሰልኝምና ያላችሁ አውሱኝ። ለአዛውንት የምታሳዩት ከሆነ ግን አደራ፣ ሱሪውን በእስክሪብቶ ሥሩለት።