ዳጉ በሳባ ሸለቆ

የአክስቴ ልጅ ከዋሽንግተን የመጣው የሁለት ሳምንት ፈቃድ ይዞ ነው። አብዛኛውን ዘመድ ወሰደው፤ ያልተደረሰ ልቅሶ አለ፣ ሠርግ አለ፣ "እህሌን ሳትቀምስማ አትሄድም" የምትል የእናቱ ጎረቤት አለች። አምስት ቀን ሲቀረው ደወለልኝ። ዳሎልን ሳላይ ብመለስ ይቆጨኛል አለኝ። እኔም ያኔ ለሥራ መቀሌ ነበርኩና በማግስቱ አውሮፕላን ና አልኩት። ቅዳሜ ሐመድ ኢላ፣ እሑድ ዳሎል፣ ሰኞ ማታ መቀሌ፣ ማክሰኞ አዲስ አበባ። ይህን ስሌት በትንሽ ወረቀት ጽፌ ደረት ኪሴ ከትቼው ነበር። የሆነውን ሁሉ መለስ ብዬ ሳስበው መነሻው ያቺ ወረቀት ናት።

መጋቢት 2002 ዓ.ም. ነው። ከበርሃሌ ወደ ታች አስፋልት ከመምጣቱ በፊት ማለት ነው። መኪናችን ነጭ ላንድክሩዘር ነበር፤ ሾፌሩ ጎህ ሳይቀድ ተነስቶ ፖርቶመጋላው ላይ ፍራሽ፣ የውሃና የናፍጣ ጀሪካን፣ አካፋና ሁለት ትርፍ ጎማ ጭኖ በገመድ ጠፍሮ ጠበቀን። መኪናውን እየዞረ ገመዱን በመዳፉ መታ መታ ሲያደርገው ትዝ ይለኛል። መኪናው የሌላ ሰው ነው፤ አደራ ነው። እያንዳንዷን ጭረት ያውቃታል።

አጉላዕ ላይ ወደ ምሥራቅ ታጠፍን፤ መንገዱ ወደ ቆላው ይወርዳል። መቀሌ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,000 ሜትር ያልፋል፤ የምናድርባት የሐመድ ኢላ መንደር ደግሞ ከባሕር ወለል በታች 100 ሜትር ገደማ ነው። ይህን ሁሉ ከፍታ በአንድ ቀን መኪና መውረድ ምን ማለት እንደሆነ ገላ ይነግራል። ጠዋት ሹራብ ለብሰን ወጥተን በርሃሌ ስንደርስ ሸሚዛችን ጀርባችን ላይ ተጣብቆ ነበር።

በርሃሌ ወረቀት ይታያል፣ የአካባቢው ሰው በመሪነት ይያዛል። እኛን የያዙን ስድሳን ያለፉ አፋር ነበሩ። ቀጠን ያሉ፣ ሽርጥ ያገለደሙ፣ ጊሌ የሚሉትን ጩቤ ወገባቸው ላይ የታጠቁ፣ በእጃቸው ዱላ የያዙ። ከሾፌሩ ጋር በትግርኛ፣ ከእኛ ጋር ደግሞ በቁጥብ አማርኛ ያወራሉ። ሾፌሩ "አቦይ" እያለ ስለሚጠራቸው እኛም አቦይ አልናቸው። ወረቀቱና ምሳው ሲያልቅ ከቀኑ 8 ሰዓት ሆነ። ኪሴ ያለችው ወረቀት 6 ሰዓት ነበር የምትለው።

ከበርሃሌ በታች ያኔ መንገዱ ወንዙ ራሱ ነበር። የሳባ ወንዝ በበጋ ቀጭን ውሃ ነው፤ አንዳንድ ቦታ ቁርጭምጭሚት ይነካል፣ አንዳንድ ቦታ አሸዋ ውስጥ ገብቶ ይጠፋል፣ ትንሽ ወረድ ብሎ ደግሞ ብቅ ይላል። መኪናው በጠጠሩ ላይ እየተንገጫገጨ ውሃውን አሥር ጊዜ፣ ሃያ ጊዜ ይሻገራል። ግድግዳው በግራም በቀኝም ቀይ፣ ቡናማና ጥቁር ድርብርብ ሆኖ ይወጣል። እየጠበበ ሲሄድ ሰማዩ ከላይ እንደ መቀነት ይቀጥናል። ድምፅ ሁሉ ይመለሳል፤ የሞተሩ ድምፅ ከፊታችን ሌላ መኪና የሚመጣ ያስመስለዋል።

የሚመጣው ግን ቅፍለት ነው። ግመሎቹ አንዱ በአንዱ ጅራት ታስረው፣ በሁለት ጎናቸው አሞሌ ተደርድሮላቸው፣ አንገታቸውን እያወዛወዙ ቀስ ብለው ይወጣሉ። ጨው ከታች ካለው የጨው ሜዳ በመጥረቢያና በእንጨት ተፈልጦ፣ በእጅ ተጠርቦ፣ በዘንባባ ገመድ ታስሮ ነው የሚጫነው። ያ ሜዳ ድሮ ቀይ ባሕር ነበር። የባሕሩ ክንድ ተቆርጦ ቀረና በፀሐይ ደረቀ፤ የተረፈው የጨው ንጣፍ ውፍረቱ ከአንድ ኪሎ ሜትር ይበልጣል። አያቶቻችን እስከ ባለፈው ምዕተ ዓመት መጀመሪያ ድረስ በአሞሌ ገበያ ወጥተዋል። በ1520 እ.ኤ.አ. የመጣው ፖርቹጋላዊ ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ጨው በሀገሩ ገንዘብ ሆኖ ማየቱን ጽፏል። እኔ ይህን በመጽሐፍ አውቀው ነበር። ጨው የጫነ ግመል በክንድ ርቀት ሲያልፍ፣ የገመዱ ሲጥ ሲጥ ማለትና የነጋዴው የተሰነጣጠቀ ከንፈር ግን በመጽሐፍ የሚገኝ አይደለም።

የመጀመሪያው ቅፍለት ጋ ስንደርስ አቦይ የሾፌሩን ትከሻ ነካ አደረጉት። ቆመ። ወረዱ። ከግመሎቹ ፊት ከነበረው አፋር ጋር እጅ ተያይዘው፣ ጥላ ያለበት ድንጋይ ላይ ቁጢጥ ብለው ወሬ ያዙ። አንዱ ይናገራል፣ ሌላው "እህ" እያለ ይሰማል፤ ከዚያ ይገለበጣል። ሃያ ደቂቃ ሆነ። ተነስተው ሄድን። ሩብ ሰዓት እንኳ ሳንነዳ ሌላ ቅፍለት፤ አሁንም ትከሻ ነካ፣ አሁንም ጥላ፣ አሁንም ወሬ።

"ምንድን ነው እንዲህ የሚያወሩት?" አለ የአክስቴ ልጅ።

"ዳጉ ነው" አለ ሾፌሩ።

ዳጉን እንደ ሰላምታ የሚቆጥረው ብዙ ነው። እኔም ከዚያ ቀን በፊት እንደዚያ ነበር የማስበው። አፋር አፋርን መንገድ ላይ ካገኘው ዝም ብሎ አያልፈውም፤ ዝናብ የት ጣለ፣ የትኛው ጉድጓድ ውሃ ይዟል፣ ሣር የት አለ፣ ከብት ምን ነካው፣ ማን አለፈ፣ እንግዳው ከየት ነው ይባባላሉ። የሰማው ተሸክሞት ሄዶ ለሚቀጥለው ያወርሳል። ያየውን "አየሁ"፣ የሰማውን "ሰማሁ" ብሎ ለይቶ ይናገራል። በዳጉ የዋሸ ሰው በባህሉ ይቀጣል፤ ምክንያቱም ውሃ አለ ተብሎ የሄደ ሰው ውሃ ካላገኘ ይሞታል። በዚያ በረሃ ሰው በሕይወት የኖረው በዚህ ወሬ ነው።

እኔ ግን ሰዓቴን አይ ነበር።

ወደ 10 ሰዓት ግድም ሸለቆው ትንሽ ሰፋ የሚልበት፣ በቀኝ በኩል የድንጋይ መደብ ያለበት ቦታ ደረስን። እዚያ አንድ ቅፍለት ቆሟል። ሰዎቹ ግመሎቹን አንበርክከው ጨዋቸውን እያራገፉ፣ አሞሌውን ሁለት ሁለት በደረታቸው አቅፈው እየተቀባበሉ ወደ መደቡ ያወጣሉ። ጀምበር ገና ናት፤ ሰው በዚያ ሰዓት አይሰፍርም። ይህን አይቻለሁ። በዓይኔ አይቼ ሳላስተውል አለፍኩት። እስከ ዛሬ ከሁሉም በላይ የሚከነክነኝ እሱ ነው።

አቦይ ወርደው አንድ ፍየል ጠባቂ ልጅ አናገሩ። ልጁ ከጎን ካለው ገደል ሮጦ የወረደ ነው፤ ደረቱ ይወጣል ይገባል። ይሄኛው ዳጉ አጭር ነበር። ተመልሰው መጥተው በእኔ በኩል ባለው መስኮት ቆሙ።

"ውሃ ይመጣል። መኪናውን እዚህ እናውጣ። እዚህ እናድራለን።"

ቀና ብዬ ሰማዩን አየሁ። አንዲት ዳመና የለችም።

"አቦይ፣ ሰማዩ እኮ ጥርት ብሏል" አልኩ።

"እዚህ አይደለም። ላይ ነው።" በዱላቸው ወደ መጣንበት፣ ወደ ደጋው ጠቆሙ።

"ሐመድ ኢላ ስንት ሰዓት ይቀረናል?" አልኩት ሾፌሩን። ሁለት ሰዓት አለኝ። ወረቀቷን አወጣሁ። ዛሬ እዚህ ካደርን ዳሎል ይቀራል፣ የማክሰኞ አውሮፕላን ይቀራል። "ሳይመሽ ቶሎ እንድረስ፤ እንሂድ" አልኩ። ሾፌሩ አቦይን አየ፣ እኔን አየ። ከፋዩ እኔ ነኝ። ሞተሩን አስነሳ። አቦይ ምንም አላሉም፤ ገብተው ተቀመጡና ዱላቸውን በሁለት ጉልበታቸው መሀል አቆሙ። ጥለውን መቅረት ይችሉ ነበር። አልቀሩም።

ከአንድ ኪሎ ሜትር በላይ አልሄድንም። ውሃ ስንሻገር የኋላ ጎማዎቹ አሸዋ ውስጥ ሰመጡ። ሾፌሩ የፊቱን ዲፈረንሻል አስገባ፤ ባሰበት። የጎማ ንፋስ ቀነስን፣ በአካፋ ቆፈርን፣ ጠፍጣፋ ድንጋይ እየለቀምን ከሥር አነጠፍን። የአክስቴ ልጅ ጫማውን አውልቆ ኮፈኑ ላይ አስቀምጦ በባዶ እግሩ ይገፋል። ሩብ ሰዓት ያህል እንዲህ ስንለፋ አቦይ ድንገት እጃቸውን ዘርግተው ዝም አስባሉን።

መጀመሪያ የመጣው ነፋስ ነው። ቀኑን ሙሉ ፊታችንን ሲለበልብ በዋለው ሸለቆ ውስጥ ቀዝቃዛ ነፋስ፣ እርጥብ አፈር እርጥብ አፈር የሚሸት። ከዚያ ድምፁ፤ ወፍጮ ቤት በር ላይ ሲቆሙ በእግር በኩል የሚሰማው ዓይነት። "ውጡ! ውጡ!" አሉ አቦይ። ገደሉን በእጅና በጉልበታችን ቧጠጥነው። ሾፌሩ መሀል ላይ ዞሮ ወደ መኪናው ሊወርድ ሲል አቦይ ቀበቶውን ከኋላ ጨምድደው ያዙት። "ቁልፉ!" ይላል፤ "መኪናው!" ይላል። አለቀቁትም። የዚያ ሽማግሌ ክንድ የዚያን ጎልማሳ ሰውነት እንዴት እንደያዘ አላውቅም።

ውሃው ሲመጣ ውሃ አይመስልም። ከፊት የሚቀድመው ጭራሮ፣ ቅጠል፣ የግመል በጠጥና ቡናማ አረፋ የተቦካበት ጉብታ ነው፤ እየተንከባለለ መጣ። ለዓይን ፈጣን አይደለም፤ ሰው በሩጫ የሚቀድመው ይመስላል። ከኋላው ያለው ግን ቋጥኝ ይጋጫል፤ ከውሃው ሥር ድንጋይ ለድንጋይ ሲመታታ እንሰማለን። ላንድክሩዘሩ መጀመሪያ ተንቀጠቀጠ፣ ከዚያ ተነሳ፣ ዞረ፣ በጎኑ ሄዶ አንድ ቋጥኝ ላይ ተለጠፈ። ፖርቶመጋላው ከነገመዱ ተነቅሎ ሄደ። ሰማዩ አሁንም ጥርት ብሎ ነበር።

አማርኛ "ደራሽ" ብሎ ሲሰይመው ሌላ ማብራሪያ አላስፈለገውም። ደጋው ዳር የጣለው ዝናብ የሚያርፍበት አፈር የለውም፤ ባዶ ዓለት ነው የሚቀበለው። ከ2,000 ሜትር በላይ ቁልቁል በአጭር ርቀት ይወርዳል፤ የሚሰበስበው ደግሞ ያው ጠባቡ ሸለቆ ነው። ባሕር እንኳ አይደርስም፤ ጨው ሜዳው ላይ ተኝቶ በፀሐይ ያልቃል። ፍየል ጠባቂው ልጅ ያመጣው ወሬ ከላይ እረኛ ለእረኛ እየተቀባበሉ ያወረዱት ነው። ጨው ነጋዴዎቹም የሰሙት ይህንኑ ነው፤ አሞሌ በውሃ ሲሟሟ የስንት ቀን እግር፣ የቤተሰብ ቀለብ ነው አብሮ የሚሟሟው።

ሲመሽ አቦይ በገደሉ ወገብ ላይ እየመሩ ወደ ቅፍለቱ መለሱን። ማንም "ለምን ሄዳችሁ" አላለንም። እሳት አጠገብ ቦታ ለቀቁልን። ከነጋዴዎቹ አንዱ ዱቄት በጎድጓዳ ሳህን አቡክቶ፣ ከፍም ውስጥ የጋለ ድብልብል ድንጋይ አውጥቶ ሊጡን ዙሪያውን ጠቀለለበትና መልሶ ረመጡ ዳር አስቀመጠው። ብርኩታ ነው። ከውስጥ በድንጋዩ፣ ከውጭ በእሳቱ ይበስላል። ሲቆርሰው ድንጋዩ እንፋሎት እያወጣ ዱብ አለ። ለአራታችን ሰጠን፤ ለራሱ የቀረውን አየሁት፣ ከኛ ያነሰ ነበር። ሾፌሩ አልበላም። ወደ ጨለማው፣ ወደ ውሃው ድምፅ ዞሮ ተቀምጦ አደረ።

ሲነጋ ወንዙ ተመልሶ ቁርጭምጭሚት ሆኗል። ከላይ ከበርሃሌ ጭድና ባዶ ጀሪካን የጫነ ቅፍለት ወርዶ ደረሰ፤ በመመለሻቸው ለግመሎቻቸው የሚሆን ጭድ በየመንገዱ እያስቀመጡ ነው የሚወርዱት። ዳጉ ተጀመረ። አቦይ ትንሽ ተናገሩና ወደ እኔ ዞሩ።

"አንተ ንገር ልጄ። አንተም አይተሃል።"

ምን ልበል? ያየሁትን እያልኩ እሳቸው ተረጎሙ፤ መኪናው የት እንደተቀረቀረ፣ ውሃው በስንት ሰዓት እንደመጣ፣ ሰው እንዳልተጎዳ። ከዚያ "አቦይ እዚህ እንደር ብለው ነበር። እንሂድ ያልኩት እኔ ነኝ" አልኩ። ትንሽ አዩኝና እሱንም ተረጎሙት። ከሰሚዎቹ አንዱ ረጅም ጥያቄ ጠየቀ። ስለ ጥፋቴ መስሎኝ አንገቴን ደፋሁ።

"ውሃው የት ድረስ ወጣ ነው የሚልህ" አሉኝ አቦይ።

ይዣቸው ወረድኩ። መኪናው የተለጠፈበት ቋጥኝ ጋ፣ እርጥበቱ ያሰመረው መስመር ላይ መዳፌን አሳረፍኩ፤ ከትከሻዬ በላይ ነው። ሰውየው በዱላው ለካ፣ ሁለት ጊዜ ለካ፣ ለጓደኛው ነገረው። ከዚያ የታችኛው ምንጭ ተቀብሮ እንደሆነ፣ የትኛው ቋጥኝ ቦታ እንደለወጠ ጠየቁኝ። የማውቀውን ነገርኳቸው።

ሾፌሩ ከመኪናው ጋር ቀረ፤ ከሁለት ቀን በኋላ ከመቀሌ በመጣ ከባድ መኪና ተጎትቶ ወጣ። አውሮፕላኑ አመለጠ። ዳሎልን እስከ ዛሬ አላየሁትም።

እኛ ከወራጁ ቅፍለት ጋር በእግራችን ወረድን። የአክስቴ ልጅ እግሩን በተቀደደ ሸሚዝ ጠቅልሎ ነበር። ሐመድ ኢላ ስንገባ ጀምበር ልትጠልቅ ነው። ገና የመጀመሪያው ጎጆ ጋ ሳንደርስ አንዲት ሴት ወጥታ ወደ እኛ መጣች። በቀኝ እጇ ውሃ ይዛለች፤ በግራ እጇ ያረጀ ትልቅ የወንድ ሸበጥ። ማናችን ባዶ እግራችንን እንደሆንን አልጠየቀችም። በቀጥታ እሱ ፊት መሬት ላይ አስቀመጠችለት።