ስለቱ የወላጅ፣ ዕዳው የልጅ

በጎጃም ደጋ የቤተሰብ ግዴታና የልብ ምኞት ሲጋጩ የሚሆነውን ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. በታተመው ልብ ወለዳቸው «ፍቅር እስከ መቃብር» ዘርዝረውታል። አሠራሩ ቀላል ነው። በመጀመሪያ ወላጆች ልጃቸው ካደገላቸው ለእግዚአብሔር ሊሰጡት ይሳላሉ፤ ከፋዩ ግን ልጁ በዛብህ ነው። ቀጥሎ ፊታውራሪ መሸሻ ልጃቸውን ሰብለ ወንጌልን ሊያጭ የመጣውን ሁሉ አጥንት እየቆጠሩ ይመልሳሉ፤ ልጅ ቆማ ትቅር እንጂ ዘር አይጉደፍ! ከዚያ በዛብህ ሊያስተምራት ይገባል፤ ከፊደሉ ጋር ልብም ይቆጠራል። ይህን ሥርዓት የሚነቅፈው ካሣ ደግሞ «ጉዱ» ይባላል፤ በአገሩ ማሰብ የእብድ ሥራ ነውና። የህንድ ፊልም ቢሆን ሦስት ሰዓት ተለቅሶና ተዘፍኖ አባት በመጨረሻ ይመርቁ ነበር። እዚህ ግን ጥንዶቹ በአንድነት የሚያርፉት መቃብር ውስጥ ነው፤ የፊታውራሪም ዘር ሳይጎድፍ ይቋረጣል።