ዘፈኑ ድምፁን እንዳያበላሽብን

ሸክላ የሚያጫውት ሰው ሁለት ዓይነት ነው። አንዱ ዘፈኑን ይሰማል፣ ሌላው ሸክላውን ይሰማል። ዘፈን ሰሚው በየቤቱና በየሰርጉ ሞልቶ የተረፈ ስለሆነ ጠበቃ አያሻውም። ሸክላ ሰሚው ግን ሚስቱ የምታማርርበት፣ ጎረቤት የሚያማው፣ ልጆቹም እንግዳ ሲመጣ «አባዬ፣ ዛሬ እንኳ ተወው» የሚሉት ሰው ነው። እስካሁን ተነስቶ የተከራከረለት የለም። እኔ ጥብቅና የምቆመው ለእርሱ ነው። ሥራው የዳኝነት ሥራ ስለሆነም ከዚህ በኋላ አንቱ እላቸዋለሁ።

እኚህ ዳኛ የሚፈርዱት በሸክላ የድምፅ ጥራት ላይ ነው። የሾማቸው የለም፣ ይግባኝም አይባልባቸውም። ችሎት ከመቀመጣቸው በፊት እጃቸውን ይታጠባሉ። ሸክላውን ከሽፋኑ ሲያወጡ ጣታቸው ፊቱን አይነካም፤ ጠርዙን በመዳፋቸው ደግፈው ወደ መብራቱ ያዘነብሉትና ጭረት ይፈልጋሉ። አቧራውን በአንድ ብሩሽ፣ መርፌዋን በሌላ ብሩሽ ይጠርጋሉ። መርፌዋ በሸክላው ላይ የምታርፍበት ክብደት ሁለት ግራም ገደማ ነው፤ ለዚህች ሁለት ግራም የተለየ ሚዛን ገዝተዋል። ለወጥ ቤቱ ሚዛን ይገዛ ሲባል ግን ኑሮ ተወዷል። ከዚያ ትንፋሻቸውን ዋጥ አድርገው መርፌዋን ያሳርፋሉ፣ ዓይናቸውን ይጨፍናሉ፣ ዘፈኑ ከመጀመሩ በፊት ያሉትን ጥቂት ሰከንዶች ያዳምጣሉ። ሿሿታ አለ? ጠቅ ጠቅ የሚል ነገር አለ? ከሥር የሚያጉረመርም የሞተር ድምፅ ይሰማል? ዘፋኙ አፉን ሲከፍት መርፌዋን ያነሳሉ።

ሰው የሚስቅባቸው እዚህ ላይ ነው። ለምን እንደሚስቅ ግን አይገባኝም። የቡና ቀማሾችን ያየ ሰው ያውቃል፤ ቡናውን በማንኪያ ፉት ይሉና በአፋቸው አንከባለው ይተፉታል። አገር የሚኮራበትን ቡና ለምን ተፋችሁ ብሎ የከሰሳቸው አልሰማሁም፤ እንዲያውም ደመወዝ ይከፈላቸዋል። የእኛም ዳኛ ዘፈኑን ቀምሰው ተፉት እንጂ ሌላ ምን አደረጉ?

ደግሞም ዘፈን አደገኛ ነገር ነው። ጥሩ ዘፈን ሰውን ያዘናጋል። ዳኛው «ቤዙ ደብዘዝ ብሏል» ሊሉ ሲሉ ድንገት የድሮ ወዳጃቸው ትዝ ትላቸዋለች፣ ዓይናቸው እንባ ያቀርራል፣ ፍርዱ ተዛባ ማለት ነው። ልምድ ያላቸው ዳኞች ስለዚህ የሚፈትኑባቸው ሸክላዎች ስሜት የማይቀሰቅሱ ናቸው። የባቡር ድምፅ የተቀረጸባቸው አሉ፤ አንድ ወጥ የፉጨት ድምፅ ብቻ የሚያሰሙም አሉ። በእንዲህ ያለ ሸክላ ያለቀሰ ዳኛ የለም።

ነገሩ ቅዠት ነው የሚሉ ሰዎች ስለ ሸክላ አሠራር ጥቂት ቢያውቁ ያፍሩ ነበር። ትልቁ ሸክላ በደቂቃ 33 ጊዜ ከሲሶ ይዞራል፤ ፍጥነቱ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አይለወጥም። ነገር ግን የዳር ክቡ ሰፊ፣ የመሃሉ ጠባብ ስለሆነ፣ ዳር ላይ በመርፌዋ ሥር በሰከንድ 50 ሳንቲ ሜትር ያህል ቦይ ሲያልፍ መሃሉ ጋ ሲደርስ ከግማሽ በታች ይሆናል። ያው ሙዚቃ በጠባብ ቦታ ተጨናንቆ ይቀረጻል፤ «ሰ» እና «ሽ» የሚሉ ድምፆች ይሻክራሉ። በየገጹ መጨረሻ ያለ ዘፈን እንግዲህ ሲፈጠርም የተበደለ ነው። የእኛ ዳኛ ይህን ስለሚያውቁ የየገጹን የመጨረሻ ዘፈን ሰምተው አያውቁም። አንዳንዱ አልበም ዋናውን ዘፈን መጨረሻ ላይ ያስቀምጣል፤ እርሱ የአቀናባሪው ጥፋት ነው።

ቤዝ ደግሞ እንዳለ ቢቀረጽ ቦዩ ሰፍቶ ጎረቤቱን ይጥሳል። ስለዚህ ሸክላ ሲቀረጽ ቤዙ ሆን ተብሎ ይቀነሳል፣ ቀጭኑ ድምፅ ከፍ ይደረጋል፤ ማጫወቻው ደግሞ የተቀነሰውን ጨምሮ የተጨመረውን ይቀንሳል። በ1954 እ.ኤ.አ. በአሜሪካ የጸናው ደንብ ይህ ነው። በአጭሩ ድምፁ መጀመሪያ ይበላሻል፣ ኋላ ይጠገናል፣ ከዚያ «ምንም ያልተነካ ንጹሕ ድምፅ» ተብሎ ይሸጣል። መሐንዲሶች ሲዲ በጸጥተኛውና በጯሂው ድምፅ መካከል 96 ዴሲቤል ያህል ስፋት ሲኖረው ጥሩ ሸክላ 70 ላይ መድረስ እንደሚከብደው ይናገራሉ። ቁጥሩ እውነት ነው። ዳኛው አይክዱም፤ በቁጥር መፍረድ ግን የሒሳብ ሠራተኛ ሥራ ነው።

ከዚህ ሁሉ በላይ ጠላት የሚያነሳው የሞባይል ፊደሊቲን ጉዳይ ነው። ይህ የአሜሪካ ኩባንያ የታወቁ አልበሞችን ከመጀመሪያው የቴፕ ቅጂ እያወጣ በውድ ዋጋ ያሳትማል። ገዢዎቹ በመካከሉ ዲጂታል የሚባል ርኩሰት እንዳልገባ አምነው ይገዙ ነበር። በ2022 እ.ኤ.አ. ግን የኩባንያው መሐንዲሶች ራሳቸው፣ ከ2011 ጀምሮ በብዙዎቹ ሸክላዎች ላይ ዲጂታል ቅጂ መግባቱን ተናገሩ። ለዓመታት «ዲጂታል እዚህ ሊደርስ አይችልም» ሲባልላቸው የኖሩት ሸክላዎች በዲጂታል በኩል ያለፉ ሆነው ተገኙ። ነገሩ ፍርድ ቤት ደርሶ በስምምነት አለቀ።

ብዙ ሰው ይህን ሰምቶ ዳኞቹ ተዋረዱ አለ። እኔ ግን ከዚህ የበለጠ የገለልተኛነት ማስረጃ አላየሁም። ዲጂታልን ዕድሜ ልካቸውን የሚጠሉ ሰዎች ዲጂታል በፊታቸው ሲቀርብ አላዳሉበትም፤ አመሰገኑት። የሚጠሉትን ሰው ሳያውቁት በትክክል የፈረዱለት ዳኞች በየትኛው አገር ችሎት ይገኛሉ?

ወደ አገራችን ስንመጣ የዳኝነቱ ሸክም ይከብዳል። የመጀመሪያውን ዘፈናችንን ያስቀረጹት ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ ናቸው፤ በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ጀርመን አገር። ያን ጊዜ በኤሌክትሪክ የሚሠራ የመቅረጫ ማይክሮፎን አልነበረም፤ ዘፋኙ ትልቅ ቀንድ ፊት ቆሞ ይጮሃል፣ ድምፁ በራሱ ጉልበት መርፌውን ያንቀጠቅጣል። ታሪክ ነው፣ ቅርስ ነው። ዳኛው አክብሮታቸውን ገልጸው «ቤዝ የለውም» ብለው ያልፋሉ።

በ1969 እ.ኤ.አ. ደግሞ አምሃ እሸቴ የሚባል ወጣት ተነሳ። ሸክላ የማሳተም መብት በአዋጅ የሀገር ፍቅር ማኅበር ብቻ ሆኖ ሳለ፣ ማኅበሩ አልሠራበትም ብሎ በራሱ ደፍሮ ማሳተም ጀመረ። የአለማየሁ እሸቴን ዘፈን ቀርጾ፣ ቴፑን ህንድ ድረስ ልኮ፣ በደቂቃ 45 ጊዜ በምትዞረው ትንሿ ሸክላ አሳትሞ አመጣ። ከዚያ በኋላ የመጣውን አገር ያውቀዋል። ማህሙድ አህመድ፣ ሙላቱ አስታጥቄ፣ የጦር ሠራዊቱና የክብር ዘበኛው ባንድ ልጆች፣ አዋጅ ተጥሶ የተወለደ ዘመን ነው።

ያ ትውልድ ግን በደለኛ ነው። በሸክላው ጨፈረበት። ቡና ቤት ውስጥ የመርፌዋ ክንድ እየዘለለ ሲያስቸግር ሳንቲም ጫነባት፤ የዳኛውን ሁለት ግራም አስቡት። ሸክላውን ያለ ሽፋኑ ቆልሎ አስቀመጠ፣ በነጠላ ጫፍ ወለወለው። ይባስ ብሎ መሃሉ ላይ ባለው ወረቀት በእስክሪብቶ ስሙን ጻፈበት፤ አንዳንዱም «ለማይረሳኝ ፍቅርሽ መታሰቢያ» ብሎ ቀንና ፊርማ አኖረ። በዓለም አቀፉ የሸክላ ደረጃ ይህ መታሰቢያ ጉዳት ተብሎ ይመዘገባል፤ ዋጋም ያስቀንሳል። ደረጃው ራሱ የተከበረ ሥርዓት ነው። ከላይ ያልተነካ አዲስ፣ ቀጥሎ አዲስ የሚመስል፣ ከዚያ «በጣም ጥሩ»፣ ከዚያ «ጥሩ» ይላል። «ጥሩ» የተባለ ሸክላ የገዛ ሰው ከዳር እስከ ዳር የሚንጫጫ ዕቃ ይደርሰዋል፤ ከዚያ በታች ያሉትን ደረጃዎች የፈለገ ስለሌለ ብዙ አይወራባቸውም።

ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ በ1990ዎቹ መጨረሻ ይህን ሙዚቃ «ኢትዮጲክስ» በሚል ርዕስ በተከታታይ ሲያወጣው ዓለም ሰምቶ ጉድ አለ። ያወጣው በሲዲ ነበር። በሌላ አነጋገር ዓለም የተደመመው በዘፈኑ ነው፤ ዳኞቻችን ይህን የሥነ ሥርዓት ጉድለት እስካሁን አልረሱትም።

አሁን ግን ሸክላዎቹ ተፈላጊ ሆነዋል። ሃይሉ መርጊያና ዋልያስ ባንድ በ1977 እ.ኤ.አ. ያወጡት «ቼ በለው» የመጀመሪያው ዕትም በሺዎች ዶላር የሚጠየቅበት ዕቃ ነው። ሃይሉ ራሳቸው ግን ዋሽንግተን አካባቢ ለዓመታት ታክሲ ሲያሽከረክሩ ኖረዋል። እንዲህ የተወደደ ሸክላ ታዲያ ይጫወታል? መርፌዋ ባለፈች ቁጥር ቦዩ በጥቂቱም ቢሆን ይበላል። ስለዚህ ሻጩ በዓይኑ ብቻ አይቶ ደረጃ ይሰጠዋል፣ ገዢው በዓይኑ አይቶ ይረከበዋል፣ በመደርደሪያም ይቆማል። የድምፅ ጥራት ዳኝነት የመጨረሻው ከፍታ እዚህ ነው፤ ድምፁን በዓይን መፍረድ።

ሌላ ምሳሌ ልጨምር። በ1969 እ.ኤ.አ. የወጣው የሌድ ዘፕሊን ሁለተኛ አልበም መጀመሪያ ሲቀረጽ ድምፁ እጅግ ኃይለኛ ነበር፤ በርካሽ ማጫወቻ ላይ መርፌዋ ትዘልል ስለነበር ኩባንያው ለዘብ አድርጎ በሌላ ተካው። ዛሬ ውድ የሆነው የቱ ይመስላችኋል? መርፌ የሚያዘልለው ነው። ዳኞች በአጉሊ መነጽር ከወረቀቱ አጠገብ የተጫረውን የቀራጩን የስም ምልክት ይፈልጋሉ። ሰው ሊያጫውተው ያልቻለውን ሸክላ ከሁሉ በላይ ማስቀመጣቸው በዘፈን እንደማይደለሉ ያስረዳል።

ወጪውንም የሚያነሱ አሉ። እርግጥ ነው፤ ሸክላውን በእንጨት ሙጫ ቀብተው ሲደርቅ እንደ ቆዳ የሚገፉት አሉ፣ ቆሻሻውን ነቅሎ ይወጣል ብለው። ገመዱ ወለል እንዳይነካ ከሥሩ ትናንሽ ድጋፍ የሚያቆሙለት አሉ። በጃፓን የጎረቤት ፍሪጅ መብራቱን ያቆሽሽብኛል ብለው ለሙዚቃቸው ብቻ የግል የመብራት ምሰሶ ያስተከሉ አሉ። አዲስ አበባ ላይ ይህ ችግር የለም፤ መብራት ሲጠፋ የጎረቤትም ፍሪጅ አብሮ ዝም ስለሚል ከሸክላው በስተቀር ሁሉ ነገር ለዳኝነት ይመቻል።

እንግዲህ አንባቢን የምለምነው ትንሽ ነው። እንዲህ ያለ ሰው ቤት በእንግድነት ከሄዳችሁ ሸክላው ሲጀምር አታውሩ፣ ቡናም ሲኒ እያንቃጨላችሁ አትቅዱ፣ በእግራችሁ ምት አትምቱ፤ ወለሉ ይነቃነቃል። «ዘፈኑ እስኪያልቅ እንስማው» አትበሉ። ዘፋኙ ስለ ምን እንደሚዘፍን ደግሞ በፍጹም አትጠይቋቸው፤ አያውቁም።