ውዳሴ ርካሽ ጉልበት

በ2011 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156፣ በአንቀጽ 55 የደመወዝ ቦርድ ይቋቋማል ይላል። መንግሥት፣ አሠሪና ሠራተኛ አብረው ተቀምጠው ዝቅተኛውን የደመወዝ ወለል በጥናት ይመለከታሉ፤ ዝርዝሩን የሚኒስትሮች ምክር ቤት በደንብ ያወጣል። ደንቡን ስንጠብቅ ዓመታት ነጎዱ። የሠራተኛ ማኅበራት ኮንፌዴሬሽኑ ኢሠማኮ በሜይ ዴይ ጥያቄውን ያነሣል፤ እኛም መጠበቃችንን እንቀጥላለን። እንዲህ ያለ ትዕግሥት ሳይወደስ መቅረት የለበትም።

ወለል የሌለው ድርድር ፍጹም ነፃ ነው። ከገጠር የመጣች ልጅ ሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ ደርሳ ስሟን ትናገራለች፤ ቀጣሪው የደመወዟን ልክ ይናገራል፤ ትፈርማለች። ሁለቱም ተናግረዋልና ድርድሩ አልቋል። ማታ ከሦስት ጓደኞቿ ጋር በተከራየቻት አንዲት ክፍል ፍራሽ መሬት ላይ ዘርግተው ኪራዩን ለአራት ያካፍላሉ። ወሩ ሲገፋ ሽሮው ይቀጥናል፤ ቁጠባ የሚለመደው እንዲህ ነው።

በዚያው በ2011 ዓ.ም. አንድ የኒው ዮርክ ዩኒቨርሲቲ የጥናት ማዕከል፣ የልብስ ስፌት ሠራተኞቻችን መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር መሆኑን ጻፈ፤ ከልብስ አምራች አገሮች ሁሉ ዝቅተኛው። ባንግላዴሽ 95 ላይ ነበረች። በዚህ የቀደመን አልነበረም። ያው ጥናት ፋብሪካዎቹ በአማካይ በአንድ ዓመት ውስጥ ሠራተኛቸውን በሙሉ እንደሚቀይሩም ይገልጻል። ልጅቱ ስፌቱ እጇ ሲገባ ትለቃለች፣ ሌላ ትተካለች፣ ሥልጠናው እንደገና ከሀ ይጀመራል። ለዚህ ሁሉ የሚወጣው ገንዘብ ደመወዝ ላይ አለመጨመሩ የአስተዋይነት ምልክት ነው።

ሰው በስንት ብር ወር እንደሚደርስ ማወቅ ከባድ ነው፣ ጥናት ይፈልጋል። ከስንት ብር ጀምሮ ግብር እንደሚከፍል ማወቅ ግን አላስቸገረንም። እስከ 2017 ዓ.ም. ማሻሻያ ድረስ ከ600 ብር በላይ የሚያገኝ ተቀጣሪ ሁሉ የገቢ ግብር ይቆረጥበት ነበር። ያ ወለል ቦርድ ሳይጠብቅ ተበጅቷል።

የደመወዝ ወለል ቢመጣ ባለሀብት ይሸሻል ይባላል። በኅዳር 2014 ዓ.ም. የአሜሪካው የልብስ ኩባንያ ፒቪኤች የሐዋሳ ፋብሪካውን እንደሚዘጋ አስታወቀ፤ በታኅሣሥ ደግሞ አሜሪካ ኢትዮጵያን ከቀረጥ ነፃ የገበያ ዕድሏ ከአጎዋ አስወጣች። ምክንያቱ የሰሜኑ ጦርነት ነበር እንጂ ደመወዝ አልነበረም፤ የደመወዝ ወለል የሚባል ነገር ገና አልነበረም። ርካሽነታችን አንዱንም ባያስቀርልንም፣ ቀጣዩን ባለሀብት የምንጠብቀው በዚያው ዋጋ ነው።